ኩኩሉ፣ አልነጋም

ልጄ ስድስት ዓመቷ ነው። ክረምት ሲገባ እንደልቧ ወጥታ መጫወት ስለማትችል ስልኬን ትወስድና ካርቱን ታያለች። እኔ ከአጠገቧ ሽንኩርት እከትፋለሁ ወይ ልብስ አጥፋለሁ፣ ግማሽ ጆሮዬ ግን እሷ ጋ ነው። ባለፈው ሐምሌ አንድ ቀን ሽንኩርቱን ትቼ አብሬያት ቁጭ አልኩ።

አጭር ተረት ነበር። ንግግር የለውም፤ ሙዚቃና የወፍ ድምፅ ብቻ። አንዲት ትንሽ ወፍ ሦስት እንቁላል ታቅፋለች። ለአፍታ ወጣ ስትል አራተኛ እንቁላል ይጨመርባታል፣ ከሌሎቹ ከፍ ያለ። እሷ አላወቀችም። ከዚያ የሚፈለፈለው ጫጩት ወፍራም ነው፣ አፉን ሲከፍት ፊቱ አይታይም፣ ድምፁ ጫካውን ያናውጣል። የመጣውን ትል ሁሉ ይውጣል። አብረውት ያሉትን ይገፋል፣ ይረግጣል፣ ሲዘል የጎጆውን አንድ ጎን ያፈርሳል። ትንንሾቹ አኩርፈው ጥግ ይይዛሉ። መጨረሻ ላይ ማዕበል ይመጣና ያ አስቸጋሪ ጫጩት ክንፉን ዘርግቶ ሁሉንም ይሸፍናቸዋል። አለቀ።

ልጄ አጨበጨበች። ከዚያ ዞር ብላ «እማዬ፣ እሱን የወለደችው እናት የት ሄደች?» አለችኝ።

«ሩቅ» አልኳት። ሌላ መልስ አልመጣልኝም።

እኔን ያሳሰበኝ ግን የእናትየው ነገር አይደለም። ጥግ ይዘው ያኮረፉት ትንንሾቹ ናቸው። ያንን ኩርፊያ አውቀዋለሁ። ከዛሬ ሠላሳ ዓመት በፊት የኔ ፊት ላይ ነበር።

ማታ ልጄ ስትተኛ በሌላ ወፍ ጎጆ ስለሚፈለፈለው ስለዚህ ወፍ፣ ስለ ኩኩ፣ ማንበብ ጀመርኩ። ስሙን ራሱ ነው ያወጣው። ድምፁን ሰምተው ፈረንሳዮች ኩኩ፣ ጀርመኖች ኩኩክ፣ ሩሲያውያን ኩኩሽካ፣ ቱርኮች ጉጉክ ይሉታል። በኛ ቋንቋ ኩኩ የቁልምጫ ስም ነው። ኩኩሉ ደግሞ የአውራ ዶሮ ድምፅ ነው፣ የልጆች ድብብቆሽም ነው። ኩኩሉ፣ አልነጋም። ኩኩሉ፣ አልነጋም። ወደዚህ ጨዋታ እመለስበታለሁ።

የአውሮፓው ኩኩ ጎጆ አይሠራም። ሴቷ የሌላ ትንሽ ወፍ ጎጆ ትሰልልና ባለቤቶቹ ዞር ሲሉ ገብታ አንዱን እንቁላል በምንቃሯ አንስታ የራሷን ትተካለች። ይኼ ሁሉ የሚፈጅባት ጥቂት ሰከንድ ነው፣ አሥር ሰከንድ ገደማ። ከዚያ ትሄዳለች። እንቁላሏ ብዙ ጊዜ የባለጎጆዋን እንቁላል ይመስላል፤ በሸምበቆ መሀል በምትኖረው ወፍ ጎጆ የምትጥለው አረንጓዴ ቢጤ ዝንጉርጉር ነው፣ በሌላ ወፍ ጎጆ የምትጥለው ሌላ ዓይነት።

ካርቱኑ የዘለለው ቀጥሎ ያለውን ነው። የኩኩ እንቁላል ብዙ ጊዜ ከሌሎቹ ቀድሞ ይፈለፈላል። ጫጩቱ ራቁቱን ነው፣ ላባ የለውም፣ ዓይኑ ገና አልተከፈተም። በዚያ ሁኔታ፣ ገና ከተፈለፈለ ቀን ሳይሞላው ሊሆን ይችላል፣ አጠገቡ ያለውን እንቁላል በጀርባው ያዝልና በእግሩ የጎጆውን ግድግዳ ቧጥጦ ወደ ኋላ እየወጣ ወደ ውጭ ይጥለዋል። ቀጥሎ ሁለተኛውን። የተፈለፈለ ጫጩት ካለም እሱኑ። አንዳንዴ እናትየው እዚያው ጎጆዋ ላይ ቆማ እያየች ነው፤ አትከለክለውም።

ይህን በዝርዝር የጻፈው ኤድዋርድ ጄነር ነው። አዎ፣ የፈንጣጣ ክትባቱ ጄነር። ክትባቱን ከመሞከሩ ከስምንት ዓመት በፊት፣ እ.ኤ.አ. በ1788፣ ስለ ኩኩ ጫጩት የጻፈው በእንግሊዝ የሳይንስ ማኅበር፣ በሮያል ሶሳይቲ፣ ታተመለት። እ.ኤ.አ. ሰኔ 18 ቀን 1787 አንድ ጎጆ አየ፤ አንድ የኩኩ እንቁላልና ሦስት የባለጎጆዋ እንቁላሎች ነበሩበት። በማግስቱ ሲመለስ አንድ የኩኩ ጫጩትና አንድ የባለጎጆዋ ጫጩት ብቻ ቀርተዋል። ቁጭ ብሎ ሲመለከት፣ ዓይኑ ያልተከፈተው ጫጩት ሌላውን አዝሎ ሲጥለው አየ። ጄነር አንድ ነገር ልብ ብሏል፤ የኩኩ ጫጩት ጀርባ መሀሉ ጎድጎድ ያለ ነው፣ እንቁላል እንዲቀመጥበት የተበጀ ይመስላል። አሥራ ሁለት ቀን ገደማ ሲሆነው ጎድጓዳው ይሞላል፣ የመጣል ፍላጎቱም ይጠፋል። ብዙ ሰው አላመነውም። ከእሱ በኋላም ለረጅም ጊዜ «የማይሆን ነገር ነው» ያሉ ነበሩ።

እኔም ሳነበው ስልኩን ገልብጬ አስቀመጥኩት። ከዚያ እንደገና አነሳሁት። ዓይኑ አላየም፣ አጠገቡ ያለው ወንድም ይሁን እንቁላል ይሁን ድንጋይ አያውቅም። ጀርባውን የሚነካ ነገር ሲኖር ይገፋል፣ በቃ። ክፋት ለማለት ቢያንስ ማየት ያስፈልጋል መሰለኝ።

የኔ ዓይን ግን ያይ ነበር። ዘጠኝ ዓመቴ ነበር፣ ሦስተኛ ክፍል።

የአጎቴ ልጅ ከመሀል ሜዳ በአውቶቡስ መጣ። አጎቴ፣ የእናቴ ወንድም፣ ታሞ ሞቶ ነበር፤ እናትየዋ ሌሎች ትንንሽ ልጆች አሉባት። እማዬ ለለቅሶ ሄዳ ስትመለስ ይዛው መጣች። የመንዝ ልጅ ነው። በጀርባው የተጠቀለለ ባና ተሸክሟል፣ ጥቁር፣ የበግ ፀጉር የሚሸት፣ ከእሱ ይልቅ የሚከብድ። ሌላ ዕቃ አልነበረውም። እድሜው ከኔ በአንድ ዓመት ይበልጣል። ድምፁ ጎላ ያለ ነው፤ በሸለቆ ማዶ ለማዶ የሚጣራ ልጅ ድምፅ ሁለት ክፍል ቤት ውስጥ ሲገባ አስቡት። እማዬን «እትዬ» ይላታል። ጎረቤቶች በግድግዳው በኩል ይሰሙታል።

እኛ ሦስት ነበርን። አንድ አልጋ ላይ ነው የምንተኛው። አራተኛ ሲጨመር እኔ ከግርጌ ሆንኩ።

ገበታ ላይ ደግሞ ፈጣን ነበር። በጣም ፈጣን። እኛ ሁለተኛ ስንጎርስ እሱ ፊት ለፊቱ ያለውን ጠርጎ ወደኛ ይመጣል። ታናሽ ወንድሜ «ጨረሰብን!» ብሎ አለቀሰ። አባዬ ዝም አለ። እማዬ ከዚያን ቀን ጀምሮ ለእያንዳንዳችን በየተራ ማጉረስ ጀመረች፤ መጀመሪያ ግን እሱን። ሁልጊዜ መጀመሪያ እሱን ነው የምታጎርሰው። ያቺን የመጀመሪያ ጉርሻ በዓይኔ እከተላት ነበር፣ ከወጡ ተነስታ አፉ እስክትገባ ድረስ። ለምን ያን ያህል እንደሚፈጥን ማንም አልጠየቀም። እኔ ለመጠየቅ አርባ ዓመት ሊሞላኝ ነው።

እዚህ ላይ ስለ ድምፁ ያነበብኩትን ልጨምር፣ ምክንያቱም ከሁሉም ይልቅ ይኼ ነው ልቤን የነካው። የኩኩ ጫጩት ብቻውን ይቀራል። ሸምበቆ ውስጥ የምትኖረው አሳዳጊው ክብደቷ አሥራ ሁለት ግራም ገደማ ነው፤ እሱ ሲያድግ መቶ ግራም ይሆናል። ጎጆው አይችለውም፣ ተርፎ ይፈስሳል። ትንሿ ወፍ ትከሻው ላይ ቆማ ስታጎርሰው የሚያሳይ ፎቶ አለ፤ ጭንቅላቷ በሙሉ አፉ ውስጥ ይገባል። ታዲያ ይህን ሁሉ ምግብ እንዴት አድርጎ ያስመጣታል? በካምብሪጅ ዩኒቨርሲቲ የወፍ ተመራማሪው ኒክ ዴቪስና ባልደረቦቹ ይህን መርምረው እ.ኤ.አ. በ1998 አሳተሙ። ወፎቹ ስንት ትል ማምጣት እንዳለባቸው የሚያውቁት በሁለት ነገር ነው፤ የተከፈተው አፍ ስፋትና የጩኸቱ ብዛት። የኩኩ ጫጩት አፉ ትልቅ ቢሆንም የአራት ጫጩቶችን አፍ አያክልም። ስለዚህ በድምፅ ያካክሳል። ብቻውን ሆኖ እንደ አንድ ሙሉ ጎጆ ጫጩቶች ይጮኻል፤ ሲሲሲሲሲ እያለ፣ ያለ ዕረፍት።

ሌላ መንገድ የለውም። የአንድ ልጅ ድምፅ ብቻ ቢያሰማ የአንድ ትንሽ ልጅ ድርሻ ነው የሚያገኘው፣ በዚያ ደግሞ አያድግም።

የኛ ሰው ለባለጌ ልጅ የሚለው ስድብ አለ። «አሳዳጊ የበደለው።» ከልጅነቴ ጀምሮ ስሰማው ኖሬ ትርጉሙን አስቤው አላውቅም ነበር። ስድቡ የሚወረወረው ልጁ ላይ ነው፣ ቃሉ ግን በዳዩ አሳዳጊው ነው ይላል። ሌሎች ቋንቋዎች እንዲህ አይራሩም። ጀርመኖች አንድ ባል የራሱ ያልሆነውን ልጅ ሳያውቅ ሲያሳድግ ልጁን «የኩኩ ልጅ» ይሉታል፤ ጥፋቱ የትልልቆቹ ሆኖ ስሙ የተለጠፈው ሕፃኑ ላይ ነው። ሩሲያውያን ልጇን ጥላ የሄደችን ሴት ኩኩሽካ ይሏታል። እኛ ደግሞ የእንጀራ እናት፣ የእንጀራ አባት፣ የእንጀራ ልጅ እንላለን። ሥጋና ደም ከሌለ የሚያገናኘው እንጀራው ነው ማለት ነው። ተረቶቻችን የእንጀራ እናትን ክፉ ቢያደርጓትም ቃሉ ራሱ ክፉ አይደለም፤ አጉራሽና ጎራሽ ነው የሚለው። «የጡት ልጅ» የሚባልም ነበር፤ ማር የተቀባ ጣት አጥብተው ልጄ ነህ የሚሉበት የድሮ ወግ። ከኦሮምኛ የመጣው ጉዲፈቻ ደግሞ የአገሩ ሕግ ቃል ሆኗል። በ1992 ዓ.ም. የወጣው የቤተሰብ ሕግ በዚሁ ስም ነው የሚጠራው። በ2010 ዓ.ም. የውጭ አገር ጉዲፈቻ በሕግ ሲከለከል «እዚሁ እናሳድጋቸው» ተባለ። ጥሩ። ግን ሕጉ የሚያወራው ስለ አሳዳጊውና ስለሚያድገው ልጅ ነው፣ ቤቱ ውስጥ ቀድሞ ስላለው ልጅ ሲያወራ አልሰማሁም። ከግርጌ እንዲተኛ የተደረገው ልጅ ምን እንደሚሰማው አንቀጽ ሊጠይቅ አይችልም። እሱን የሚጠይቅ እናት ወይ አባት ነው። የኔ ወላጆች ጊዜ አልነበራቸውም። አልፈርድባቸውም።

የድብብቆሹ ነገር እንዲህ ነው። ኩኩሉ ስንጫወት እሱ ከሁላችንም በላይ መደበቅ ይችልበታል። ከበርሜል ጀርባ፣ ከማገዶ ክምር ሥር፣ አንድ ጊዜ የጎረቤት ዶሮ ቤት ውስጥ። አንድ ቀን ተራው የኔ ነበር። ግድግዳው ላይ ፊቴን ሸፍኜ «ኩኩሉ!» እላለሁ፣ «አልነጋም!» ይላሉ፣ ድምፁ ከሁሉም ይሰማል። «ኩኩሉ!» «ነጋ!» ዓይኔን ገለጥኩና ወንድሞቼን አገኘኋቸው። ከዚያ በሹክሹክታ ተማከርንና እሱን ሳንፈልግ ቤት ገባን። ሻይ ጠጣን። መምሸት ሲጀምር እማዬ «ልጄስ?» አለች። ከማገዶው ሥር ተገኘ፣ እዚያው ኩርምት ብሎ። ተበልጠናል ብሎ ነው የመሰለው፤ ደስ ብሎት ነበር። «አላገኛችሁኝም!» አለ።

ያቺ ድምፅ እስከ ዛሬ ትመጣብኛለች።

የማታው ብርድ ሲጠና ደግሞ ያ ባና ነበር። መጀመሪያ ይሸታል ብለን አንነካውም ነበር፣ በኋላ አራታችንም ከሥሩ ገባን። ዝናቡ ቆርቆሮውን ሲደበድብ ከባናው ሥር አይሰማም፣ ሩቅ ይሆናል። እሱ ጠርዙን ይይዝልናል።

ከዚያ ፔርሙዟ። እማዬ በዕቁብ ገንዘብ የገዛቻት ቀይ አበባ ያላት ፔርሙዝ ነበረች፣ ለእንግዳ ብቻ የምትወጣ። እኔ ነኝ የሰበርኳት። ላሳይ ብዬ አንስቼ ከእጄ አመለጠች። ውስጧ እንደ መስታወት ረግፎ ሲሰማ ልቤ ቆመ። አባዬ ገብቶ «ማነው?» ሲል ጣቴን ወደ እሱ ቀሰርኩ። አላሰብኩበትም ልል እፈልጋለሁ። አስቤበታለሁ። ቤት ውስጥ ያለው ሰው ሁሉ እንደሚያምነኝ አውቅ ነበር፣ ምክንያቱም የሚሰብረው፣ የሚጮኸው፣ የሚጨርሰው እሱ ነው። ሁለት ሳምንት ሳይሞላ ደብረ ብርሃን ወዳለች ሌላ ዘመድ ተላከ።

አልካደም። እያየኝ ዝም አለ። ባናውን ትቶልን ሄደ።

እንግዲህ ኩኩው ማን ነበር?

ማንበቤን ቀጠልኩ፣ ለብዙ ማታ። ጎጆ የሚጋሩ እንግዶች ሁሉ አንድ ዓይነት አይደሉም። ካርቱን የሚሠሩ ሰዎች ቢያውቁ ደስ ይለኝ ነበር፣ ምክንያቱም እውነተኛው ታሪክ ከነሱ ይበልጣል፣ ወደ ሁለቱም ጎን።

ወደ ክፉው ጎን፣ ለማር ቆራጭ መንገድ የምታሳየዋ ወፍ አለች። አገራችንም አለች። እየጮኸች ከዛፍ ዛፍ ትቀድማለች፣ ሰው ይከተላል፣ ቀፎው ጋ ያደርሳሉ፣ ሰውየው ማሩን ሲወስድ እሷ ሰሙን ታገኛለች። በሰሜን ኬንያ ከቦረናዎች ጋር የተሠራ ጥናት እ.ኤ.አ. በ1989 ታትሞ ነበር፤ በማያውቁት አካባቢ ያለ ወፏ ቀፎ ለማግኘት በአማካይ 8.9 ሰዓት ይፈጅ የነበረው በእሷ መሪነት 3.2 ሰዓት ይሆናል። እንዲህ ያለች የሰው ወዳጅ ናት። ግን እሷም የምትፈለፈለው በሰው ቤት ነው፣ ማለት በሌላ ወፍ ጉድጓድ። ጫጩቷ ስትወለድ ምንቃሯ ጫፍ ላይ እንደ መርፌ የሾለ ቆልማማ ነገር አለ። በዛምቢያ ክሌር ስፖቲስውድ የተባለች ተመራማሪ ጨለማው ጉድጓድ ውስጥ ካሜራ አስገብታ ቀረጸችው፤ አብረዋት ያሉትን ጫጩቶች እየነከሰች ትገድላለች። ስታድግ ያ ሹል ነገር ይጠፋል። ከዚያ ወጥታ ለሰው ማር ታሳያለች።

ወደ ደጉ ጎን ደግሞ፣ ጉትያ ያለው ትልቅ ዝንጉርጉር ኩኩ አለ። እሱም በአፍሪካ፣ በኛም አገር ይገኛል። እንቁላሉን የሚጥለው በአፍሪካ በቁራና በሌሎች ወፎች ጎጆ፣ በስፔን በቁራና በዘመዶቹ ጎጆ ነው። የዚህ ጫጩት ማንንም አይጥልም። ከቁራ ጫጩቶች ጋር አብሮ ያድጋል፤ ይሻማል፣ ይጮኻል፣ ግን አብሮ። በሰሜን ስፔን የአሥራ ስድስት ዓመት መረጃ ሰብስበው እ.ኤ.አ. በ2014 ያሳተሙ ተመራማሪዎች ያልተጠበቀ ነገር አገኙ። የኩኩ ጫጩት ያለበት የቁራ ጎጆ ሙሉ በሙሉ የመጥፋት ዕድሉ ያነሰ ነው። ምክንያቱ፣ ይህ ጫጩት ሲነካ የሚከረፋ ፈሳሽ ይለቃል፤ ድመትና ጭልፊት ይሸሹታል። በእርግጥ አዳኝ በሌለበት ዓመት ቁራዎቹ ይጎዳሉ፣ የምግብ ድርሻቸው ስለሚቀንስ። አዳኝ በበዛበት ዓመት ግን ጎጆውን የሚያተርፈው ያ እንግዳ ነው። ከሽታው ጋር።

ይህን ሳነብ የባናው ሽታ አፍንጫዬ ላይ መጣ። እውነቴን ነው።

የአጎቴ ልጅ አድጎ የከባድ መኪና ሹፌር ሆነ። ጅቡቲ መስመር። ከደብረ ብርሃን ወደ አዲስ አበባ ሲገባ መጀመሪያ እማዬ ጋ ነበር የሚያድረው። መቼ እንደሆነ አላስታውስም፣ «እትዬ» ቀርቶ «እማዬ» ሆነች። እሁድ እሁድ ይደውልላታል፣ መንገድ ላይም ሆኖ፣ አዋሽም ሆኖ፣ ጋላፊም ሆኖ። እኛ በአንድ ከተማ እየኖርን የማናደርገውን። እማዬ ስትታመም ከሥራው ቀርቶ ሆስፒታል አደረ፣ አስራ አንድ ሌሊት፣ ኮሪደሩ ላይ ካርቶን አንጥፎ። እኔ ሕፃን ልጅ ነበረኝ። ወንድሞቼ ውጭ አገር ናቸው። ከአልጋ የሚያነሳት፣ የሚያገላብጣት፣ ሾርባ በማንኪያ የሚያጎርሳት እሱ ነበር። አንድ ጠዋት ስገባ እያጎረሳት አገኘሁት። አፏን ጠርጎ «አንድ ብቻ፣ ለኔ ስትይ» ይላታል።

ለቅሶው ላይ ከኛ ጋር ፊት ለፊት ተቀመጠ። አንዲት የሩቅ ዘመድ ጎንበስ ብላ «ይኼኛው የሥጋ ልጇ ነው?» ብላ ጠየቀችኝ። «አዎ» አልኳት። የዘገየ መልስ ነበር። ሠላሳ ዓመት።

ስለ አውሮፓው ኩኩ አንድ ነገር ቀርቶኛል። የወለዱት ወላጆች እሱ ገና ጎጆ ውስጥ እያለ ወደ አፍሪካ ይመለሳሉ። ከእንግሊዝ የሚነሱት እ.ኤ.አ. ከ2011 ጀምሮ ትንሽ መከታተያ ጀርባቸው ላይ እየታሰረ ሲጠኑ ቆይተዋል፤ የአውሮፓን የብርድ ወራት የሚያሳልፉት ኮንጎ ጫካ ነው። ጫጩቱ ግን ያሳደገችው ትንሽ ወፍ ናት፣ መንገዱን አታውቅለትም። ማንም አያሳየውም። አንድ ማታ ብቻውን ይነሳል፤ ባሕሩንና ሰሃራን አቋርጦ አይቷቸው የማያውቃቸው ወገኖቹ ያሉበት ጫካ ይደርሳል። ልጄ የጠየቀችኝ የዚህን ወፍ እናት ነበር። «ሩቅ» ያልኳት ትክክል ነበርኩ፣ ሳላውቅ።

ለፋሲካ መጣ። በግ ይዞ፣ እንደ ሁልጊዜው። ልጄ ጭኑ ላይ ወጥታ ያንን ካርቱን ከፈተችለት። ከማእድ ቤት በር ሆኜ አየሁት። ጫጩቱ ትሉን ሁሉ ሲውጥ ይስቃል፣ ከሆዱ ነው የሚስቀው። ትንንሾቹ ሲያኮርፉ ሳቁን አቆመ። ማዕበሉ ሲመጣ ዝም ብሎ አየ። ሲያልቅ «ድገሚልኝ እስቲ» አላት።

ቡና እያፈላሁ ነገርኩት። ሳላስበው ወጣ። «ፔርሙዟን እኔ ነኝ የሰበርኳት» አልኩት። የቱን ፔርሙዝ ብሎ አልጠየቀም።

«አውቃለሁ እኮ» አለ። «እማዬም ታውቅ ነበር።»

ጀበናው እጄ ላይ ቀረ።

«መናኸሪያ ስትሸኘኝ ነገረችኝ። ‹አንተ እንዳልሰበርካት አውቃለሁ› አለችኝ። ዳቦ በፌስታል ይዛልኝ ነበር።»

«ታዲያ ለምን ሰደደችህ?»

ወደ ስልኩ እያየ ነበር። ጫጩቱ እንደገና እየተፈለፈለ ነው።

«ጤፍ ተወድዶ ነበራ» አለ።

ሌላ ነገር ልጠይቀው ፈልጌ ነበር። ለምን አልካድክም፣ ለምን ባናውን ተውክልን፣ መንዝ ምን ያህል ርቦህ ነበር። ልጄ ግን ካርቱኑ ሰልችቷት እጁን ይዛ ጎተተችው። አርባ ዓመት ያለፈው ሰው፣ ወገቡን የሚያመው ሹፌር፣ ጫማውን አውልቆ በካልሲ ተነሳ። እሷ ግድግዳው ላይ ፊቷን ሸፈነች።

«ኩኩሉ!»

ከመጋረጃው ጀርባ፣ ያ የማዶ ለማዶ ድምፅ፣ «አልነጋም!»

ቡናውን አወረድኩና እኔም ሄጄ ከጎኑ ተደበቅሁ።